ደምመላሽ የተባለው አባቴ

ይህ ታሪክ መነገር ይገባዋል ወይ ብዬ ብዙ አመነታሁ፤ የቤተሰብ ጉዳይ ነው። ትናንት ግን በዩኒቨርሲቲው ቤተ ሙከራ ሽቦ ስበይድ የጭሱ ሽታ ሆላንድ፣ ሮተርዳም ከተማ ኒው ዌስት ሰፈር የነበረውን ወጥ ቤታችንን ፊቴ ላይ አመጣው።

የስምንት ዓመት ልጅ ነበርኩ። የፊዚክስ ተመራማሪው አባቴ ለምርምሩ የሚሆን መሣሪያ ጠረጴዛው ላይ ሲበይድ፣ ታላቅ ወንድሙ ከጎረቤት ከተማ ከስኪዳም መጥቶ በሩን በርግዶ ገባ።

«አጎታችንን የገደለው ሰውዬ ልጅ እዚሁ አጠገባችን ቭላርዲንገን ገብቷል። ተነስ!»

እኔ እንግዳ ሊመጣልን መስሎኝ ደስ አለኝ።

«ጋሼ፣ ልጁ ምን አደረገ? ያኔ እኮ አልተወለደም» አለ አባቴ።

«አንተስ ደምመላሽ የተባልከው ለምንድን ነው? አጎታችን በተቀበረ በወሩ ስትወለድ አባታችን ይህን ስም ያወጣልህ ለጌጥ ነው? ፊዚክስ አለሰለሰህ!»

አጎቴ አባቴን በጥፊ መታው። መሣሪያው ወለሉ ላይ ተሰባበረ። «እንግዲያው እኔው እሄዳለሁ» ብሎ ከካፖርቱ ውስጥ ቢላ አወጣ። አባቴ ስለቱን በባዶ እጁ ጨበጠው። አጎቴ ሲጎትት ደሙ በክንዱ ወረደ፤ አባቴ ግን አልለቀቀም።

«ስሙ የእኔ ነው፤ ደሙን የምተወውም እኔ ነኝ!» ብሎ ጮኸ።

አጎቴ ቢላውን ለቆ ወጣ፤ ለዓመታትም ቤታችንን አልረገጠም።

የአባቴ ቀኝ እጅ ጣቶች ከዚያ ወዲህ አልታጠፉም። መሣሪያ መሥራቱን ትቶ የምርምር ዘመኑን በስሌት ገፋ። የሸሚዙን ቁልፍ ዛሬም የምቆልፍለት እኔ ነኝ። ቄስና ሽማግሌዎች ሁለቱን ቤተሰቦች ሮተርዳም ላይ ሰብስበው ደሙን ያደረቁት፣ አጎቴም የዚያን ሰውዬ ልጅ አቅፎ የሳመው፣ እ.ኤ.አ. በ1985 በጥምቀት ማግስት ነው።