ሰርኬ ከወንበሯ አልወረደችም

ኮልፌ አጠና ተራ ገብቶ «የሰርኬን ቦታ አሳዩኝ» ያለ ሰው ሁለት ጊዜ መጠየቅ አያስፈልገውም። እዚያ ባህር ዛፍ የምትሸጥ ሴት እሷ ብቻ አይደለችም። «ይሄኛው ጠማማ ነው፤ ለአጥር እንጂ ለቤት አይሆንህም» ብላ በገዛ አፏ ገበያዋን የምታበላሸው ግን እሷ ብቻ ናት። ጋሽ ሰይፈሥላሴ ይህን ጠባይዋን ለዓመታት ሞኝነት ነው ብለው ኖረዋል። አየር ጤና ጋራዥ ከፍተው ያረጁ ሰው ናቸውና የዕቃውን ነውር ለገዢ የሚናገር ነጋዴ አይተው አያውቁም።

አባቷ አቶ ሰብስቤ ከእንድብር መጥተው በሸክም ጀምረው ነው አጠና ተራ ቦታ የያዙት። ማታ ልጆቻቸውን ሰብስበው ሲያወሩ ወሬያቸው ስለ ንግድ አልነበረም፤ ስለ የጆካ ነበር፣ የጉራጌ ሽማግሌዎች ለትልቅ ነገር ስለሚቀመጡበት ሸንጎ። «እዚያ ሀብታሙም ይናገራል፣ ድሃውም ይናገራል። ጥግ ላይ ያለው ሰው ሳይናገር ከመቀመጫው የሚነሳ የለም» ይሉና «አንድ ሰው አይፈርድም፣ አንድ እንጨት አይነድም» ብለው ይዘጉታል። እንጨት ሻጭ ስለሆኑ ጎረቤት ይስቅባቸው ነበር። ሰርኬ ግን አልሳቀችም፤ ይዛው አደገች።

ባሏ ሲሞትባት የሰፈሩ እድር አባልነት ወደ እሷ ዞረ። በዚያን ጊዜ በዚያ ሰፈር ሴት ወደ እድር የምትመጣው ልትከትፍና ልታበስል ነው፤ መወሰኑ የወንዶች ነበር። መጀመሪያ በተቀመጠችበት ጉባኤ የዚያን ጊዜው ዳኛ አንድ ሀሳብ አንብበው «የምትደግፉ አጨብጭቡ» አሉ። ተጨበጨበ። «ፀድቋል» ሊሉ አፋቸውን ሲከፍቱ ከኋላ አንድ እጅ ወጣ።

«የማይደግፍስ ምን ያድርግ? ያፏጭ?» አለች ሰርኬ።

ድንኳኑ በሳቅ ተናጋ፤ ዳኛውም ሳቁ። ከሳቁ በኋላ ግን «እንግዲያውስ እጅ አውጡ» አሉ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በዚያ እድር ድምፅ የሚሰጠው በእጅ ሆነ። ዓመታት አልፈው ዳኛነቱን ለእሷ ሲሰጧት ሁለት ደንብ አስፀደቀች። አንደኛው፣ በጭብጨባ የሚፀድቅ ነገር የለም። ሁለተኛው፣ ዳኛ በወንበሩ ላይ ሆኖ ለማንም ወገን አይናገርም፤ መናገር ካማረው ወንበሩን ለምክትሉ ለቆ ይወርዳል፣ በዚያ ቀንም ተመልሶ አይወጣም።

በሷ ዳኝነት የሆነውን የሜዳውን ነገር ሰፈሩ እስካሁን ያነሳዋል። ድንኳን የሚተከልበትን ክፍት ቦታ ማዶ ያለው እድር ሊያጥረው ነው የሚል ወሬ ተናፈሰ። ወጣቶቹ «ሳያጥሩብን እንጠርባቸው» ብለው ዶማና ገጀራ ይዘው ተነሱ። ሰርኬ «አይታችኋል ወይስ ሰምታችኋል?» ብላ ጠየቀች። ያየ አልነበረም። ነጠላዋን አጣፍታ ብቻዋን ማዶ ሄደች። ማዶ ያሉት ወጣቶችም ዶማና ገጀራ ይዘው አገኘቻቸው፤ እነሱም የሰሙት ወሬ ያው ነው፣ አጣሪዎቹ ብቻ ተገላብጠዋል። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል፤ ያን ቀን ግን ሳይፈስ ቀረ።

እንግዲህ ዘንድሮ፣ ከሰሜን ጎረቤት አገር ጋር ጦርነት ሊነሳ ነው የሚለው ወሬ ታክሲውንም ካፌውንም ሲሞላ፣ ጋሽ ሰይፈሥላሴ ለእድሩ ጉባኤ አንድ ሀሳብ ይዘው መጡ። በመጪው እሁድ ሰልፍ ተጠርቷል። እድሩ ስሙ የተጻፈበት ባነር ያሠራ፤ ከስሙ በታች «ሳይቀድሙን እንቅደም» ይባልበት።

ሰውየው ወሬ ቀድቶ የሚያራግብ ሰው አይደሉም። በባድመው ጦርነት ሃምሳ አለቃ ነበሩ፤ ቁስለኛ የሚያመላልስ ካሚዮን ይነዱ ነበር። በዚያን ጊዜ ተዘናግተን ተቀደምን የሚል ቁጭት በሆዳቸው ተቀምጦ አርጅቷል። የጫኑት ልጅ ሁሉ ፊቱ ይመጣባቸዋል። ዛሬም በመዘናጋታችን ልጆች ሊያልቁ ነው ብለው ከልባቸው ይሰጋሉ፤ እንቅልፍም አጥተዋል።

አንድ ነገር ብቻ ይከነክናቸው ነበር። የሰርኬ አንድ ልጅ፣ ጉልላት፣ ወታደር ነው፤ ያለውም እዚያው ድንበር ላይ ነው። ይህን የማያውቅ የእድር አባል የለም። ጋሽ ሰይፈሥላሴ እየተገላበጡ ሲያስቡት ሁለት መንገድ ብቻ ታያቸው። ወይ በዳኝነቷ ሀሳቡን ታፍነዋለች፤ እናት ናት፣ ማን ይፈርድባታል? ወይ ከወንበሯ ወርዳ ትቃወማለች፤ ያኔ ወንበሩ የሚደርሰው ምክትሏ ግሩም የሀሳቡ ደጋፊ ነውና ክርክሩን አሳጥሮ ያሳልፈዋል። ሁለተኛው ቢሆን እንደሚሻላቸው ለራሳቸው እንኳ ለማመን አፈሩ።

ጉባኤው ድንኳን ውስጥ ተሰበሰበ። ያው የለቅሶው ድንኳን ነው፤ እድሩ ሌላ የለውም። ጋሽ ሰይፈሥላሴ ተነስተው ሀሳባቸውን አቀረቡ። «ሳይቃጠል በቅጠል ነው ነገሩ። በባድመ ጊዜ ጠበቅን። ጠብቀን ምን አተረፍን? እኔ በዚህ እጄ የጫንኳቸውን ልጆች ጠይቁኝ» ሲሉ ድምፃቸው ተሰበረ። ድንኳኑ በጭብጨባ ተናወጠ።

«ጭብጨባው ያበቃ» አለች ሰርኬ ከወንበሯ። «ተናጋሪ እንመዝግብ።»

አንዱ ተነስቶ «ይሄ የመንግሥት ጉዳይ ነው፤ እድር ቀባሪ ነው፣ ምን አገባው?» አለ።

«ቀባሪ ስለሆነ ያገባዋል» አለች ዳኛዋ። «ጉዳዩ ይመለከተናል። ክርክሩ ይቀጥል።»

ቀጥሎ እጅ ያወጡት ጋሽ ለሊሳ ነበሩ፤ ጡረታ የወጡ የአውቶቡስ ሾፌር፣ ከጋሽ ሰይፈሥላሴ ጋር ጠዋት ጠዋት አብረው ማኪያቶ የሚጠጡ። «ወዳጄ፣ ሳይቃጠል በቅጠል ማለትህ ጥሩ ነው። እሳቱን ግን አይተኸዋል? ጭስ ብቻ ከሆነ የጎረቤት ወጥም ይሆናል። እኛ ፈርተን ስንጠጋ እነሱም ፈርተው ይጠጋሉ። የፈሩት ይደርሳል ይባላል፤ የሚደርሰው ራሳችን እየጎተትነው ነው። ሜዳውን ረሳችሁት?»

«አገር የእድር ሜዳ አይደለም!» አሉ ጋሽ ሰይፈሥላሴ። «ማዶ ያለው እድር መድፍ የለውም። ተሳስተህ ብትጠብቀው አጥር ነው የምታጣው። እዚያ ተሳስተህ ብትጠብቅ ከተማ ታጣለህ!» ከጋሽ ለሊሳ ወገን ጩኸት ተነሳ። ጋሽ ሰይፈሥላሴ ንግግራቸው ተውጦ ቆመው ቀሩ።

«ጸጥታ!» አለች ሰርኬ። «ጋሽ ሰይፈሥላሴ አልጨረሱም። ይጨርሱ።» እሳቸው እስኪጨርሱ ድረስም አንድ ሰው እንዲተነፍስ አልፈቀደችም። ጋሽ ሰይፈሥላሴ እየተናገሩ ሰረቅ አድርገው አዩዋት። ፊቷ አጠና ስትመርጥ የሚያውቁት ፊት ነበር።

በዚህ መሀል ቤቴል ክሊኒክ ነርስ የሆነችው ፅዮን ተነሳች። «እኔ አንድ ጥያቄ ብቻ ነው ያለኝ። እንቅደም ስንል ከኛ ማን ነው የሚሄደው? ሁላችንም እናውቀዋለን። ስሙ...»

«ስም አይጠራም» አለች ሰርኬ ፈጠን ብላ። «የማንም ልጅ ስም እዚህ አይነሳ። በምክንያት ተከራከሩ። በሐዘኔታ የሚወሰን ነገር የለም።»

ፅዮን ቁጭ አለች። ግሩም «እንግዲህ ወደ ድምፅ እንሂድ» አለ።

ጋሽ ሰይፈሥላሴ ያን ጊዜ ገባቸው። ሴትየዋ እያፈነች ነው፤ የምታፍነው ግን የሳቸውን ሀሳብ አይደለም፣ የራሷን ልጅ ነው። ማንም «በወንበሯ ልጇን አተረፈችበት» እንዳይላት ልጇን ከክርክሩ ውጭ አቆመችው። አሁን ድምፅ ቢሰጥ እንደሚያሸንፉ ያውቁ ነበር። ደስ ሊላቸው ይገባ ነበር። ያቺ የካሚዮናቸው ጀርባ ግን ትዝ አለቻቸው፤ የጫኗቸው ልጆች ከመሄዳቸው በፊት ስማቸውን በየትኛውም ድንኳን ውስጥ የጠራላቸው አልነበረም። ሳያስቡት እጃቸው ወጣ።

«የሥነ ሥርዓት ጥያቄ አለኝ።»

«ይናገሩ።»

«ዳኛዋ ተሳስታለች። ሂድ የምንለው ሰው ስሙ ሳይነሳ የተደረገ ክርክር ሙሉ አይደለም። ውሳኔዋን ጉባኤው ይሻርልኝ።»

ግሩም አፉን ከፍቶ አያቸው። «ጋሼ፣ ኧረ በእርስዎ ላይ ነው የሚዞረው!» አለ።

«ይዙራ!»

በደንቡ መሠረት የዳኛን ውሳኔ የሚሽረው ጉባኤው ነው። ሰርኬ ይሻር ወይስ አይሻር ብላ ራሷ ድምፅ አሰጠች፣ እጁን ራሷ ቆጠረች። ሰዉ ከሞላ ጎደል በሙሉ ይሻር አለ። ዳኛ ከሆነች ውሳኔዋ ሲሻር የመጀመሪያዋ ነው። የጠረጴዛውን ጠርዝ ያዝ አድርጋ «የዳኛዋ ውሳኔ ተሽሯል» አለች። «ፅዮን፣ ቀጥይ።»

«ጉልላት ነው» አለች ፅዮን። «አብሮ አደጌ ነው። እንቅደም ስንል ጉልላት ቅደም ማለታችን ነው። እንደዚያ ማለት የሚችል ሰው ይበል። እኔ አልችልም።»

ከዚያ ግሩም ተነሳ። እሱም ቢሆን ክፉ ሰው አይደለም፤ የመሰለውን ነው የተናገረው። «ጉልላትን የምንወደው ከሆነ ምሽጉ ውስጥ ቁጭ ብሎ እስኪመጡበት ድረስ እንጠብቅ? ቀድሞ ቢሄድ ይተርፍ ይሆናል፤ ቢቀደም ግን አለቀለት» አለ። አንዲት ሴት «አፍህን ዝጋ! እናቱ ፊት!» ብላ ጮኸችበት።

«ይጨርስ» አለች ሰርኬ።

ጨረሰ። ልጇ እንዴት እንደሚሞትና እንዴት እንደሚተርፍ ሰው በየተራው ሲከራከርበት እሷ ተራ ትሰጥ ነበር። ለሚደግፈው ሰጠች፣ ለሚቃወመው ሰጠች፤ ጥግ ላይ የተቀመጡትን አንድ አዛውንት ሳይቀር «እርስዎስ?» ብላ ጠየቀች። ጋሽ ሰይፈሥላሴ በጦር ሜዳ ጀግና የተባለ ሰው አይተዋል። ያን ቀን ያዩትን ዓይነት ግን አላዩም።

ድምፅ ተሰጠ። ጋሽ ሰይፈሥላሴ እጃቸውን ለራሳቸው ሀሳብ አወጡ፤ እስኪቆጠርም አላወረዱም፤ ሀሳባቸው አልተለወጠምና። ሀሳቡ በጥቂት እጅ ልዩነት ወደቀ። ሰርኬ «ጋሽ ሰይፈሥላሴ ሀሳባቸውን ስላቀረቡ እድሩ ያመሰግናል» ብላ ጉባኤውን ዘጋች። ሰልፉ በእሁዱ ተካሄደ፤ መሄድ የፈለገ በራሱ ስም ሄደ።

በዚያው ሳምንት ሰርኬ አየር ጤና ጋራዡ ድረስ መጣች። ስልኳን ጆሮዋ ላይ እንደያዘች «እሺ፣ ይኸው እሳቸው ጋ ነኝ» አለችና ለጋሽ ሰይፈሥላሴ ዘረጋችላቸው። «ጉልላት ነው። ሊያናግርዎት ፈልጎ ነው።»

ጋሽ ሰይፈሥላሴ እጃቸውን በቱታቸው ጠርገው ተቀበሉ።

«ጋሼ፣ እማዬ ስሜን ብትከለክል እርስዎ አስነሱት አሉ።»

«አዎ ልጄ። ግን እንዳልዋሽህ፣ እኔ አሁንም...»

«አሁንም እንቅደም ነው የሚሉት፤ ነገሩኝ። እዚህም እንደ እርስዎ የሚሉ አሉ። እኔም አንዳንድ ቀን እላለሁ።» መስመሩ ትንሽ ተንሿሿ። «ብቻ፣ ጋሼ፣ ስለ እኛ ቁጭ ብሎ የተከራከረ ሰው መኖሩን ስሰማ ይሄ የመጀመሪያዬ ነው። ለጓደኞቼም ነገርኳቸው። ደስ አላቸው።»

ጋሽ ሰይፈሥላሴ «እግዜር ይጠብቅህ» አሉት። ስልኩን መለሱላት። እሷም እናት እንደምትለው ብላ፣ ብርዱንና ምግቡን ጠይቃ ዘጋችው።

ልትሄድ ስትል ጠሯት። «ሰርኬ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ያን ቀን ዳኛ ባትሆኚ ኖሮ ምን ትይ ነበር?»

ቆም አለች። ስልኩን ደረቷ ላይ እንደያዘች ለመጀመሪያ ጊዜ ፊቷ ተናደ።

«ምን እላለሁ ጋሼ? እሪ ብዬ እጮህ ነበር» አለች። «እየጮህኩ ግን እናንተን ማን ያከራክራችሁ?»

ዓይኗን በነጠላዋ ጠርጋ፣ አጠና ተራ የሚጠብቃት ገዢ አለና ታክሲ ልትይዝ ሄደች።