አስረሳሽ ማንን አስረሳች

ሰው ካገሩ ሲወጣ በሌሊት ነው ይባላል። እኔ የወጣሁት በጠራራ ፀሐይ ነው። የሰው ዕቃ አልሰረቅሁ፣ ደም የለብኝ፤ ለምን እንደ ጅብ ጨለማ ጠብቄ እሄዳለሁ? የልጅ ልጄን አስረሳሽን በአንድ እጄ፣ የበሶ ስልቻዬን በሌላው ይዤ ጎረቤቱን ሁሉ እየዞርኩ ተሰናበትኩ። ትምህርት ቤታችን ከተዘጋ ሁለተኛ ዓመቱ ነበር፤ ልጅቱም ዘጠኝ ዓመት ሞልቷታል። ያለ ፊደል እንዳትቀር ብዬ ነው እንጂ በዚህ ዕድሜዬ መንገድ ምን ያደርግልኛል። እናቷ፣ ልጄ ዘነቡ፣ ከብቱንና መሬቱን ለማን ትጥላለች? አጥሩን ተደግፋ ቀረች። አላለቀሰችም። ያ አሁንም ይከነክነኛል።

ይህን የምጽፈው እዚያ ለቀራችሁት፣ እንደኔም ዓባይን ተሻግራችሁ በየከተማው ጠርዝ ለምትኖሩ ነው። የተማርኩት መሠረተ ትምህርት ብቻ ነው፤ ፊደሌ ቢንጋደድም ነገሬ ቀጥ ያለ ነው።

አውቶቡሱ የዓባይን በረሃ ወርዶ ወጥቶ ሱሉልታ ሲያወርደን ፀሐይ ልትጠልቅ ምንም አልቀራት። ብርዱ እንደኛው ደጋ ነው፤ ግን የኛ ብርድ ገብስ ገብስ ይሸታል፣ የሱሉልታው ናፍጣ ናፍጣ። ስልቻዬን ትከሻዬ ላይ ሳስተካክል አስረሳሽ አስፋልቱ ዳር ቆመች፤ ወደ መጣንበት መንገድ ዞረችና «አቤት» አለች።

«ማን ጠራሽ?»

«ተጠራሁ።»

«ማን ነው የጠራሽ?»

«ከማዶ ነው፣ እምዬ።»

ከማዶ ያሉት ሯጮች ብቻ ነበሩ፤ ተሰልፈው ትንፋሻቸውን እያጨሱ አለፉ። ከንፈሩን ያነቃነቀ አልነበረም። መንገድ አድክሟት ነው ብዬ ተውኩት።

በማግስቱም በዚያው ሰዓት «አቤት» አለች። በሦስተኛውም ቀን። ልክ አሥራ ሁለት ሰዓት ሲሆን የያዘችውን ታስቀምጣለች፣ ወደ ሰሜን ዞራ ትቆማለች፣ አንድ ጊዜ «አቤት» ትላለች፣ ትቀመጣለች። ስጠይቃት የምታውቀው ነገር የለም።

ትምህርት ቤቱ የቀበሌ ወረቀት አምጡ አለን። የቀበሌዋ ጸሐፊ ጥፍሯን የተቀባች፣ አንደበቷ ግን የለሰለሰ ልጅ ናት።

«የልጅቱ ስም?»

«አስረሳሽ።»

«እንዲህ ያለ ስም ጽፌ አላውቅም። ምን ማለት ነው እማማ?»

«ሐዘናችንን አስረሳሽን ማለት ነው። ልጅ ሞቶ ሌላ ሲተካ የሚወጣ ስም ነው። አንዳንዱ ምትኬ ይላል፣ አንዳንዱ ካሳ ይላል። እኔ አስረሳሽ አልኩ፤ በሰማንያ ቀኗ፣ ከክርስትናዋ ስንመለስ።»

«ታዲያ ማንን ነው ያስረሳችው?»

ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ይህን የጠየቀኝ ሰው አልነበረም።

«እናትየዋ የወለደቻቸው ሁሉ እዚህ ይጻፋሉ» አለችኝ ጸሐፊዋ። «የመጀመሪያው ልጅ ስም ማን ነበር?»

«አይነገርም።»

«እማማ፣ እዚህ ጋ ወይ ስም ይገባል ወይ ሰረዝ ይደረጋል።»

«ሰረዝ እንዳታደርጊባት። ምን አጥፍታ ነው?»

«ባዶውን ልተወው?»

«ተዪው።»

ባዶ መስመር ያለበት ወረቀት ይዤ ወጣሁ። ሌት ተቀን ፍርድ ፍርድ የምል ሴት ነኝ፤ በጎረቤት ድንበር እንኳ ስንዝር መሬት ሲገፋ ዝም ብዬ አላውቅም። ያ ባዶ መስመር ግን የኔ ግፍ ነበር።

የመጀመሪያዋ የአራት ዓመት ልጅ ነበረች። ሊመሽ ሲል ጥጃ ልትመልስ ወደ ወንዝ ወረደች፤ ደራሽ ውሃ ወሰዳት። እናቷ አጥሩ ላይ ቆማ ስሟን እየጠራች ዓይን እስኪይዝ ተጣራች። አቤት የሚል ጠፋ። ያገኘናት በማግስቱ ነው። በኛ አገር ደግሞ የሞተ ልጅ ስም በተተኪው ፊት ከተነሣ፣ ሟቹ ቦታዬን ብሎ ይመጣል ይባላል። ስለዚህ አስረሳሽ በተሰየመች ቀን ያን ስም ከቤቴ አገድኩ። ዘነቡ እጄን ይዛ «ለብቻዬ ስሆንስ?» አለችኝ። «ለብቻሽም» አልኳት። ፈራጅ ነበርኩ።

የሱሉልታው አከራያችን ኦቦ ቶሎሳ ደግ ሰው ነው። እኔን አኮ ይለኛል፣ በነሱ ቋንቋ አያቴ ማለቱ ነው። ድንች ባወጣ ቁጥር በሰፌድ ይልክልን ነበር። አንድ ጠዋት ግን ባርኔጣውን በእጁ እያሽከረከረ መጣ።

«አኮ፣ ቤቱን ያከራየሁት ለስንት ሰው ነው?»

«ለሁለት።»

«እኔም እንደሱ ነበር የማውቀው። ሚስቴ ግን ማታ ማታ ሦስት ሰው አለ ትላለች።»

«ሦስተኛውን በዓይኗ አይታለች?»

«በጆሮዋ ነው። የልጅቱን ድምፅ እናውቀዋለን፤ ጠዋት ከልጆቼ ጋር ስትጣላ እንሰማታለን። ያ አቤት የሚለው ግን የሷ አይደለም። የሕፃን ድምፅ ነው፤ አንደበቱ ገና ያልጠራ።»

«ጉንፋን ይዟት ነው።»

«ጉንፋን ሰውን ልጅ አያደርገውም፣ አኮ።» ወደ መሬት አየ። «አልቆጣም። ግን ሌላ ቤት ይፈልጉ። ሚስቴ እርጉዝ ናት።»

ድምፁ የማን እንደሆነ ከመጀመሪያው ማታ ጀምሮ አውቄዋለሁ፤ ለራሴም ደበቅሁት እንጂ። የመጀመሪያዋንም ያሳደግኋት እኔ ነኝ።

ባለታክሲ ዕቃችንን ጭኖ ቡራዩ አወጣን፤ በገፈርሳ ግድብ በኩል፣ ባሕር ዛፍ ጥግ አንዲት ክፍል ተገኘች። የውሃው ነገር አላስደሰተኝም። ገፈርሳ የተኛ ውሃ ነው፤ እንደኛ ወንዝ አይጮህም፣ ዝም ብሎ ያያል። አገሬ ብሆን ውሃ አጠገብ አላድርም ነበር፤ ስደተኛ ግን ጥግ አይመርጥም።

በአራተኛው ማታ እንጨት ለቅሜ ስመለስ አስረሳሽ ቤት የለችም። በዛፎቹ መሐል ሮጥኩ። ጉልበቴን የት እንዳገኘሁት አላውቅም። ውሃው ዳር ቆማለች፤ ጫማዋን አውልቃ አጠገቧ በወግ አስቀምጣዋለች። ቀሚሷን ያዝኩ።

«ምን ልታደርጊ ነው?»

«ወንዙን ልሻገር ነው። እየጠሩኝ እኮ ነው፣ እምዬ። ቆመው ነው የሚጠሩኝ፣ ይደክማቸዋል።»

እግሯ እስከ ቁርጭምጭሚቷ ርሷል። ሁለተኛዋንም ውሃ ሊወስዳት እንደሆነ ያን ጊዜ ገባኝ።

እሑድን ጠበቅሁ። አገር ቤት ኔትወርክ የሚገኘው ከቤተ ክርስቲያኑ ጉብታ ላይ ነው፤ ዘነቡም የምትወጣው ከቅዳሴ በኋላ ነው፤ ያኔ ደወልኩላት።

«ዘነቡ፣ ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ምን ትሠሪያለሽ?»

«ጥጃ አስገባለሁ።»

«ከዚያስ?»

የጉብታው ነፋስ ብቻ ይሰማኛል።

«ከዚያማ አጥሩ ላይ ቆሜ እጠራታለሁ።»

«ማንን?»

«እናኑን።»

ያን ስም ከሰማሁት ዘጠኝ ዓመት አልፎኛል። ወንበር ፈልጌ ተቀመጥኩ።

«ከመቼ ጀምሮ?»

«እናንተ ከወጣችሁበት ቀን። አንቺ እያለሽ እንዴት ደፍሬ? አስረሳሽ እንዳትሰማ ብለሽ አገድሽኝ። አሁን ሰሚ የለም ብዬ ነው።»

«ሰሚስ አለ» አልኳትና ሁሉን ነገርኳት፤ አስፋልቱን፣ ኦቦ ቶሎሳን፣ ውሃውን። ትደነግጣለች ብዬ ነበር።

«አቤት ትላለች?» አለችኝ። «እውነትሽን ነው፣ እናቴ? ትመልሳለች?»

በድምፅዋ ውስጥ ደስታ ነበር። ከውሃው ይልቅ እሱ አስፈራኝ።

«ውሃው ዳር ቆማ ነበር እያልኩሽ ነው፤ አስረሳሽ ራሷ።»

አሁን አለቀሰች። ያን ቀን አጥሩ ላይ ያላለቀሰችውን ሁሉ። «እንግዲያው እተዋለሁ» አለች። «አንቺ ካልሽ እተዋለሁ።»

ተዪ ልላት ቃሉ ከንፈሬ ላይ ደርሶ ነበር። አንድ ጊዜ ግን እንዲያ ፈርጃለሁ፤ የፈረድኩትም ባዶ መስመር ሆኖ ከወረቀት ላይ ሲያየኝ ከርሟል።

«አስረሳሽን ጠርተሻት ታውቂያለሽ?» አልኳት።

«እሷማ አንቺ ዘንድ አለች ብዬ።»

«ሁለቱም ያንቺ ናቸው። አንዷን ጠርቶ አንዷን መተው ፍርድ አይደለም። በታላቂቱ ጀምሪ። ከዚያ ታናሺቱን በስሟ ጥሪያት፤ ካለችበት ሳትነሣ ትስማሽ።»

መልሷን ሳልሰማ መስመሩ ተቋረጠ። ደጋግሜ ብደውል አልነሣ አለ።

ሰኞ ማታ በሩን ዘግቼ ጀርባዬን አስደግፌበት ተቀመጥኩ። አስረሳሽ ደብተሯ ላይ ቁጥር ትደምራለች። ባሕር ዛፉ ጸጥ አለ። አሥራ ሁለት ሰዓት ሲሆን እርሳሷን አስቀመጠች፣ ተነሣች፣ ወደ ሰሜን ዞረች።

«አቤት» አለች።

እንደ ወትሮዋ ትቀመጣለች ብዬ ጠበቅሁ። አልተቀመጠችም። አንገቷን ዘንበል አድርጋ አዳመጠች።

«አቤት» አለች ደግማ።

ሁለተኛው የራሷ ድምፅ ነበር።