ድንጋዩን ያነሳው እጅ

ልጅ እያለሁ ያየሁትን አንዱንም እንዳልረሳሁ አምን ነበር። ባለፈው ሳምንት ግን ልጄ ትዕግስት በስልኳ የሠራችውን አጭር ፊልም ቡታጅራ ቤታችን ቁጭ አድርጋ አሳየችኝ። ፊልሙ ከልጅነቴ አንዱን ቀን ሦስት ጊዜ ይደጋግመዋል፤ አንዴ እኔ እንደነገርኳት፣ አንዴ ታላቅ እህቴ አስቴር እንደነገረቻት፣ በመጨረሻ ደግሞ ያለ ድምፅ፣ እጅ ብቻ።

ቀኑ መስቀል ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው ነው። መስቃን ከአባቴ ቤት ጓሮ ቆጮ የሚብላላበት ጉድጓድ ነበረን፤ በእንሰት ቅጠል ተሸፍኖ ድንጋይ ይጫንበታል። አንድ ማለዳ ድንጋዮቹ ተነስተው፣ የሌሊቱ ዝናብ ገብቶ፣ የበዓሉ ቆጮ ተበላሽቶ ተገኘ። ያ ሽታ ዛሬም ከአፍንጫዬ አልጠፋም። አባቴ "ማነው?" ሲል እኔ የሰባት ዓመቱ ልጅ "ወልዴ ነው፣ ትናንት አይቼዋለሁ" አልኩ። ታላቅ ወንድሜ ወልዴ "እኔ አይደለሁም" አለ፤ የሰማው የለም። ተገረፈ። መስቀልን ሳይውል ወደ አዲስ አበባ ጠፋ፤ ከዚያ በኋላ የመጣው ለአባታችን ቀብር ብቻ ነው።

እኔ ፊደል የለየሁት ስኳር ከሚጠቀለልበት ጋዜጣ ላይ ነው። ልጆቼንም ጠበቅ አድርጌ ነው ያሳደግኩት። ይህን ታሪክ ስንቴ ነገርኳቸው! "ግዴለሽነት ሰውን ከቤቱ ያስወጣል፤ አጎታችሁን እዩ" እያልኩ።

በፊልሙ ውስጥ አስቴር ትስቃለች። "ወልዴማ ያን ቀን በርበሬ ይዞ ገበያ ነው የዋለው። የልጅ ቤት ልሠራ ብሎ ድንጋዩን ከጉድጓዱ ላይ ሲያነሳ የዋለው ይሄ ዳኛ ነኝ ባዩ አባትሽ ነው! አባታችንን ፈርቼ ዝም አልኩ እንጂ።" ከዚያ ትንሽ እጅ ድንጋይ ሲያነሳ ታየ።

"አባባ፣ ልድገመው?" አለች ትዕግስት።

"ዝጊው!" አልኳት። ቆይቼ "እስቲ ድገሚው" አልኩ።

ከዚያ ወዲህ የርጥብ ድንጋይ ቅዝቃዜ መዳፌ ላይ ይሰማኛል። ያኔ የነካሁት ይሁን ከፊልሙ ያገኘሁት መለየት አቃተኝ። ልጅ ሆኜ ሳልጠራጠር መሰከርኩ፤ ሸምግዬ እውነቱን ልናገር ስል እርግጠኛ የምሆንበት ነገር አጣሁ። ልጆቼን ሰብስቤ "አጎታችሁን በድዬው ይሆናል" አልኳቸው። ከዚህ በላይ የማውቀው የለም።

ይህን ግን አልረሳሁትም፤ የሆነው አምና ነውና። ወልዴ ሊሞት ሲል አዲስ አበባ ሄጄ አልጋው አጠገብ ተቀምጬ፣ እንደ ትልቅ ሰው፣ "የዚያን ቀን ጥፋትህን ይቅር ብዬሃለሁ" አልኩት። ቀና ብሎ አየኝና "እግዜር ይስጥልኝ፣ ወንድሜ" አለኝ።