በአሳል ዳር የተቀለሰው ቤት

ሐሙስ ጠዋት ከለቡ ጣቢያ ባቡር ስሳፈር ካሜራዬን እንደ አራስ ልጅ አቅፌ ነበር። የምሄደው ጅቡቲ፣ ስለ አፋር ምድርና ባህል የአሥር ደቂቃ ዘጋቢ ፊልም ልሠራ ነው። ከሁሉም በላይ ሴቶች በሰሌንና በጎባጣ እንጨት የሚቀልሱትን ቤት፣ ደቦይታን፣ ሲቆም ለመቅረጽ ጓጉቻለሁ።

ናጋድ ጣቢያ ስወርድ ሙቀቱ ፊቴን ገረፈኝ። የተቀበሉኝ ጋሽ ታደሰ ናቸው፤ በዚህ መስመር ዕድሜ ልካቸውን የጭነት መኪና ሲነዱ ኖረው፣ ጅቡቲ አግብተው የቀሩ የደብረ ብርሃን ሰው። በማግስቱ የተጠበሰ ዓሣ በትልቅ ቂጣ በልተን ካርቲየ 7 ቢስ በሚባለው ሰፈር ወዳለው የአማታቸው የወይዘሮ ፋጡማ የቆርቆሮ ቤት ሄድን።

ወይዘሮዋ በአፋርኛ ይናገራሉ፣ ጋሽ ታደሰ ይተረጉማሉ። ካሜራዬ ፊት ደቦይታ እንዲቀልሱልኝ ለመንኳቸው።

"ከቀለስኩ ሃያ ዓመት አለፈኝ። ሰው ፊት ቢጠፋብኝስ?" አሉ። ዓይናቸው ግን ጣሪያው ላይ ወደታሰሩት የድሮ ደቦይታቸው እንጨቶች ሄደ። "አሳል ሐይቅ ድረስ ከወሰዳችሁኝ እሞክራለሁ። የተወለድኩት እዚያ ነው።"

ቅዳሜ ገና ሳይነጋ፣ እንጨቶቹንና ሰሌኖቹን በኪራይ መኪና ጭነን የዶራሌ ወደብን የከባድ መኪና ሰልፍ አልፈን ወጣን። መንገዱ ሁሉ ጥቁር የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ነው። ከዚያ ድንገት ቁልቁል፣ አሳል! ዳሩ ጥጥ የመሰለ ጨው፣ መሀሉ አረንጓዴም ሰማያዊም የሆነ ውሃ። መኪናው እስኪቆም አልጠበቅኩም፤ በመስኮት መቅረጽ ጀመርኩ።

ወይዘሮ ፋጡማ ከሐይቁ ራቅ ብለው እንጨቶቹን ጠጠሩ ውስጥ ተክለው ያጎብጡ ጀመር። ነፋሱ በረታ። ሦስተኛውን ሲያስሩ ሁሉም ተናደ። እንደገና ሞከሩ፤ እንደገና ተናደ። ሁለቱንም ጊዜ ቀረጽኩ። ፊታቸውን በሻሻቸው ሸፍነው ወደ እኔ ጮኹ። "አጥፊው" ማለታቸውን ለመረዳት ተርጓሚ አላስፈለገኝም።

አጠፋሁት። የመጣሁበት ነገር ከእጄ እየወጣ መሆኑን እያወቅሁ ካሜራውን መኪና ውስጥ አስቀመጥኩና፣ የሚያመልጣቸውን እንጨት ጫፍ በሁለት እጄ ያዝኩ። ጋሽ ታደሰ ሊያግዙ ሲጠጉ አማታቸው በእጃቸው መለሷቸው፤ የሴት ሥራ ነው። ሁለታችን ከነፋሱ ጋር ታገልን። ወይዘሮዋ ገመዱን ሲያጠብቁ ማንጎራጎር ጀመሩ፤ ጣቶቻቸውም ፈጠኑ። የመጨረሻው ሰሌን ሲለብስ ቤቱ ቀጥ ብሎ ቆመ። እልልታዬን ለቀቅሁት!

ወይዘሮዋ ዞረው ዞረው አዩት። ከዚያ በገዛ እጃቸው አፈረሱት።

"እናቴ፣ ምነው?" ክው አልኩ።

ጋሽ ታደሰ በሳቅ ፈረሱ። "'አሁን ትዝ ብሎኛል፤ ካሜራሽን አምጪ' እያሉሽ ነው።"

ወይዘሮ ፋጡማ ብቻቸውን፣ እያዜሙ፣ ነፋሱን እየገሠጹ እንደገና ቀለሱት። አንዲት ደቂቃ አላመለጠችኝም።

አዲስ አበባ ቤቴ የገባሁት የተላጠ መዳፍ ይዤ ነው። እስከዚህ ጉዞ ድረስ ሥራዬ ቆሞ ማየት ብቻ ይመስለኝ ነበር። ወይዘሮ ፋጡማ ግን ያመኑኝ እንጨቱን ከያዝኩላቸው በኋላ ነው። ሻንጣዬን ሳልፈታ ኮምፒውተሬን ከፍቼ ቤቱ ሲናድ የሚያሳዩትን ሁለቱን ቀረጻዎች ደመሰስኳቸው።