ሲሶና ሩብ መደብ

አምስተኛ ክፍል ሳለሁ ሒሳብ አውቃለሁ ብዬ ልቤ አብጦ ነበር። ክፍልፋይ መደመርማ ለእኔ ምን አላት? ላዩን ከላዩ፣ ታቹን ከታቹ መደመር ነው። መምህራችን መጀመሪያ የታቹን ቁጥር አንድ ዓይነት አድርጉ እያሉ ሲያስረዱ፣ እኔ አጠገቤ ካለችው ልጅ ጋር ወሬዬን እቀዳ ነበር።

የዚያ ዓመት ፋሲካ እናቴን የጨነቃት አንድ ነገር ነው። ብሔራዊ ውትድርና የሄደው ወንድሜ የሦስት ቀን ፈቃድ አግኝቶ ሊመጣ ነው፤ እሷ ግን ከሰፈሩ ቅርጫ መግባት የቻለችው ከአንድ መደብ ሲሶውን ብቻ ነው። ጦር ሜዳ የከረመ ልጅ በዚህ ይጠግባል ወይ እያለች ስትብሰለሰል፣ በዚያው መደብ ሩብ የነበራት ጎረቤታችን ድንገት አገር ቤት ልትሄድ ሆነና ድርሻዋን ለቀቀችልን። እናቴ ደስታዋን የምታደርግበት አጣች።

በበዓሉ ጠዋት ሳፋ ይዘን ላፍቶ ሜዳው ላይ ደረስን። ሥጋውን የሚመድቡት በሬውን ያመጡት ሽማግሌ፣ ፊደል ያልቆጠሩ የዚያው አገር ገበሬ ናቸው። እኛ ጋ ሲደርሱ «ሲሶና ሩብ» ብለው ቆም አሉ። ማን ጠራኝ? እርሳስና ወረቀት አውጥቼ ጥልቅ አልኩ። አንድና አንድ ሁለት፣ ሦስትና አራት ሰባት፤ ሁለት ሰባተኛ ነው አልኳቸው። ሰዎቹ የተማረ ይግደለኝ እያሉ ሳቁ። ሽማግሌው መደቡን ሰባት ቦታ ከፍለው ሁለቱን ሳፋችን ውስጥ አደረጉ። እናቴ ሳፋውን አየች፣ እኔን አየች። የተማርኩት እኔ ነኛ፤ ምን ትበል?

ሽማግሌው ግን ሳፋውን ትክ ብለው አዩት።

«ልጄ፣ ሲሶ ነበራችሁ። ሩብ ተጨመረላችሁ። እንዴት ከሲሶው አነሰ?»

ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም፤ ወረቀቴን እያሳየሁ ድርቅ አልኩ። አልተከራከሩኝም። ሥጋውን መልሰው ቀላቀሉና፣ ለሦስትም ለአራትም እንዲመች ብለው አሥራ ሁለት ቦታ መደቡት። ለሲሶው አራት፣ ለሩቡ ሦስት ቆጥረው ሰባቱን ሳፋው ውስጥ ጨመሩ። የእናቴ ፊት በራ። እኔን መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

ወንድሜ ከስቶ፣ ዓይኑ ብቻ ቀርቶ መጣ። ሦስት ቀን ሙሉ ጥብስ ነው፣ ቅቅል ነው፣ እኔም ከጎኑ አልጠፋሁም። እናቴ ብይ ስትባል ስሠራ ስቀምስ ጠገብኩ ትላለች። ሲሄድ የተረፈውን ደረቅ ጥብስ አድርጋ ለመንገድ ቋጠረችለት።

እሱን ሸኝተን ስንመለስ አዲሱን እውቀቴን ልሞክር ብዬ ወረቀቴን አወጣሁ። ከሥጋችን ግማሹን ወንድሜ በላ፤ ሲሶውን፣ ሳላፍር፣ እኔ። የታቹን ስድስት አደረግሁት፤ ሦስትና ሁለት፣ አምስት ስድስተኛ። የቀረው አንድ ስድስተኛ ከወንድሜ ጋር ሄዷል። ሁለት ጊዜ ሠራሁት፤ ስህተት የለውም። ለእናቴ የደረሳት ምንም የለም።