ጨው የጎደላት ሰላጣ

ላሊበላ በነበረው የመንግሥት ሆቴል ስሠራ አንድ ልማድ ተጠናወተኝ፤ ሳልቀምስ ምግብ አላወጣም። ዋናው ወጥ ሠሪ ያልተቀመሰ ሳህን ሲወጣ ካየ ቤቱን በጩኸት ያናጋው ነበር። መጀመሪያ በፍርሃት ቀመስኩ፤ በኋላ ግን እጄ ሳያስፈቅደኝ ወደ አፌ ይሄድ ጀመር።

ባሌ አስተማሪ ነው፣ አባቱ ቄስ። የተጋባነው በሰማንያ ስለነበር ዐቢይ ጾም ሲፈታ ቆርበን ጋብቻችንን ልናጸና ተነጋገርን። ሰፈሩ ግን ሆቴል የምትሠራ ሴት ትጾማለች ብሎ አያምንም። ከፈረንጅ የተረፈ ቅቤ ትልሳለች እያሉ ያሙኝ ነበር። ወሬው የነፍስ አባታችን ጆሮ ደረሰና እስቲ ቤቷ መጥቼ ልያት፣ ከዚያ ስለ ቁርባኑ እናገራለሁ አሉ። የሚሟገቱልኝ አማቴ፣ የባሌ እናት ብቻ ነበሩ። እሳቸው በጾም ቅዳሴ ሳይወጣ ውሃ እንኳ ቀምሰው አያውቁም፤ እሷም እንደኔው ናት ብለው ማሉልኝ።

የነፍስ አባታችን የመጡበት ቀን ረቡዕ ነበር። የበልግ ዝናብ ጠብ ብሎ ስለነበር ከሆቴሉ አትክልተኛ ለጋ ሰላጣ፣ ካሮትና ቲማቲም አገኘሁ፤ ከወልድያ በጭነት መኪና የመጣ ብርቱካንም ጨመርኩበት። ባሌ የውይይት ክበብ ስብሰባ ሄዷል። ሳምንቱ የሌሎች ሰሞነኛ ቀዳሾች ስለነበር አባቱና የነፍስ አባታችን መደቡ ላይ ተቀምጠው የቅዳሴውን መውጣት ይጠብቃሉ። እኔ ብርሃን ፍለጋ በሩ ሥር ሆኜ እከትፋለሁ። የባሌ አባት ቅጠል እንዲህ በጥሬው ለሰው ይቀርባል ወይ ብለው ጠየቁ። ቆይ አሳያችኋለሁ አልኩ በልቤ። ኩራቴ ያኔ ልክ አልነበረውም።

ሎሚ ጨመቅሁ። ነጭ ሽንኩርት ቀጠቀጥኩ፣ በሶብላና የድንብላል ቅጠል በጣጥሼ ከዘይትና ከጨው ጋር መታሁት። ሽታው ቤቱን ሞላው። ከዚያ ማንኪያውን አነሣሁና ላስኩት።

ቀና ስል ሁሉም እያዩኝ ነው። ማንኪያው ገና አፌ ውስጥ ነበር፤ ለምን ቶሎ እንዳላወጣሁት እንጃ፣ እንደ ሕፃን ጎርሼው ቀረሁ። ፊቴ ነደደ። የባሌ አባት ዐይናቸውን ወደ መሬት ጣሉ፤ የነፍስ አባታችን መስቀላቸውን ወደ ደረታቸው ሳቡ። ያማኝ ሰፈር ሁሉ በሩ ላይ ቆሞ የሚያየኝ መሰለኝ። መሬት ተከፍታ በዋጠችኝ ብዬ ተመኘሁ።

አማቴ ከምድጃው ዳር ተነሥተው መጡ። ሊቆጡኝ መስሎኝ አንገቴን ደፋሁ። እሳቸው ማንኪያውን ከእጄ ተቀበሉና ሎሚው ውስጥ ነክረው፣ ሁላችንም እያየናቸው፣ ላሱት።

«ጨው ይጎድላታል ልጀ፣ ጨምሪባት» አሉኝ።

«አንቺም ቀመስሽ?» አሉ የነፍስ አባታችን።

«ቀመስኩ አባ። ያልተቀመሰ ለእንግዳ ይቀርባል?»

ጨው አልጎደላትም ነበር። ግን ምን ላድርግ፣ ጨመርኩ። ቅዳሴ ወጥቶ ማዕዱ ሲባረክ ሰላጣዋ ምላስ የምትልጥ ሆናለች። ሽማግሌዎቹ በእንጀራ እየጠቀለሉ፣ በየመሐሉ ውሃ እየተጎነጩ ጨረሷት። የባሌ አባት ብርቱካኑ ደግ ነው አሉ። ያ ሙገሳ ከስድብ በላይ ወጋኝ።

የነፍስ አባታችን ሊሄዱ ሲሉ ቁርባኑን እንደማይከለክሉኝ ነገሩኝ። ስለ ቀመስነው ግን ለሁለታችንም እኩል ስግደት ቀኖና ሰጡን።

እኔ ወጣት ነበርኩ፣ ስግደት አይከብደኝም። አማቴን ግን ጉልበታቸውን ቁርጥማት ይዟቸዋል። ጎን ለጎን ስንሰግድ ቀድሜያቸው እንዳልጨርስ ቀስ እላለሁ፤ እሳቸው በተነሡ ቁጥር ትከሻዬን ይይዛሉ። አንድ ማለዳ አላስችል አለኝና፣ ይተዉት እናቴ፣ የእርስዎንም እኔ ልስገድ ብዬ ለመንኳቸው።

«የቀመስኩ እኔ አይደለሁም?» አሉና እንደገና ወደ መሬት ወረዱ። ጉልበታቸው ሲንቋቋ ሰማሁት፤ እኔም ቀና ብዬ ሳላያቸው አጠገባቸው ወደቅሁ።