አክሱምን ማን ጣላት?

በሐደራው የአዛውንት ክበባችን አክሱምን የማፈርሳት እኔ ነበርሁ። በሱዳን በኩል ወደ ተስፋይቱ ምድር ከመጣን ጀምሮ ሥራዬ ይኸው ነው፦ ያቺን ታላቅ ከተማ ያቃጠለችው ንግሥት የእኛ የአይሁዶቹ ወገን፣ የእኛ ደም ናት እያልሁ እተርካለሁ፤ ሰው ሁሉ ጸጥ ብሎ ያዳምጠኛል። ባለቤቴም ከጎኔ ተቀምጣ ብርቱካን እየላጠች ታቀብለኛለች።

አምና አንድ ሰውዬ መጣብን። በቅርቡ ከጎንደር የገባ፣ አያቶቹ ክርስትና ተነሥተው የነበሩ፣ ሚስቱ የሞተችበት ጡረተኛ አስተማሪ ነው። ሸሚዙ ሁልጊዜ እንደተተኮሰ ነው። ማን ይተኩስለታል? ይህ ጥያቄ እንቅልፍ ነሥቶኛል።

አንድ ቀን ንግሥቲቱን ከከተማዋ በር አድርሼ እሳቱን ልለኩስ ስል እጁን አነሣ።

«ይቅርታ ያድርጉልኝ አባባ» አለኝ፤ በዕድሜ ቢበልጠኝ እንጂ አያንሰኝም። «አክሱም እኮ ቀድማ ሞታለች። ባሕሩን ሌሎች ያዙት፣ መርከቡ ቀረ። ደኑ ተመነጠረ፣ አፈሩን ጎርፍ ወሰደው፣ ገበሬው ተራበ። ንግሥቲቱ የደረሰችው ለቀብር ነው።»

ክበቡ በሳቅ አውካካ። ከሁሉም አብልጣ የሳቀችው ባለቤቴ ናት። «ናኮን!» አለች በዕብራይስጥ፤ «እውነታቸውን ነው!» ብላም የላጠችውን ብርቱካን ለእሱ ዘረጋችለት።

ከባለቤቱ ያወቀ ቡዳ ነው ልል አፌ ላይ ደረሰ። ግን በአገራችን በዚያ ቃል ስንሰደብበት ኖረን እንዴት አድርጌ ልበለው? ዋጥሁት። ቅናት ይመራል የሚሉ ሰዎች አልቀመሱትም፤ የሚያቃጥል ነገር ነው።

ወደ ሰፈራችን ወደ ክፋር ብራንዳይስ ስንመለስ አውቶቡሱ ውስጥ አላስችል አለኝ።

«የሰውዬው ወሬ እንዲህ የጣመሽ ምኑ ነው? እኔ ይህን ሁሉ ዘመን ሳወራ አንድ ቀን ናኮን ብለሽኝ አታውቂም።»

«እሳቸው ይጠይቃሉ» አለች በመስኮት እያየች። «አንተ ለደም ግፊትህ ሐኪም ዘንድ፣ ቁፓት ሆሊም የሄድህ ቀን፣ ‹እርስዎስ፣ ትልቅ መንግሥት በምን ይወድቃል ይላሉ?› ብለው ጠየቁኝ። እኔም የመሰለኝን ነገርኋቸው።»

ይህች ሴት ስለ መንግሥት አወዳደቅ የራሷ ሐሳብ ይኖራታል ብዬ አስቤ አላውቅም ነበር። አሁን ከሸሚዙም ከብርቱካኑም ይልቅ ያ ሐሳብ እሱ ዘንድ መሆኑ አንገበገበኝ።

«ታዲያ ምን አልሻቸው?» አልሁ ድምፄን ዝቅ አድርጌ።

«አንዴ ተናግሬዋለሁ» አለች ለመውረድ ቦርሳዋን እየያዘች። «ማወቅ ከፈለግህ እሳቸውን ጠይቃቸው።»